ከመኪና አደጋ ሞት በኋላ፦ የሟች ቤተሰብ ካሳውን እንዴት ይጠይቃል?

ሾላ ገበያን የሚያውቅ ሰው የመንገዱን ጭንቅንቅም ያውቃል። ዕቃ ያራገፈው አይሱዙ ወደ ኋላ ሲመለስ፣ ሚኒባሱ ወደ መገናኛ ተሳፋሪ ለመጫን ሲሽቀዳደም፣ ወዛደሩ ጆንያ ተሸክሞ በመኪኖቹ መሀል ሲያልፍ፣ ገበያተኛዋ ፌስታሏን አንጠልጥላ ስትሻገር፣ ሁሉም የሚጋፋው በዚያው አስፋልት ላይ ነው። እንዲህ ባለ ቦታ አደጋ ሲደርስ ክፉኛ የሚጎዳው በእግሩ ያለው ሰው ነው። ያ ሰው ደግሞ ብዙ ጊዜ የቤቱ ምሰሶ ነው። የደመወዝ ሰነድም የሕይወት መድንም የለውም፤ ያለው የዕለት ገቢውና እጁን የሚጠብቁ ልጆች ናቸው።

ይህ መመሪያ የተጻፈው ለእንዲህ ዓይነቱ ሰው ቤተሰብ ነው። ብዙ ቤተሰብ መብቱን የሚያጣው በሦስት ምክንያት ነው። አንደኛው፣ ሐዘን ላይ እንዳለ የማያውቀውን ወረቀት ይፈርማል። ሁለተኛው፣ የመድን ድርጅቱ የሚከፍለውን ብቻ የካሳው መጨረሻ አድርጎ ይወስዳል። ሦስተኛው፣ የወንጀሉ ክስ እስኪያልቅ ሲጠብቅ ጊዜው ያልፍበታል። ሦስቱንም ማስቀረት ይቻላል።

ከመጀመሪያው አንድ ነገር ይያዙ። በአንድ የአደጋ ሞት ላይ ሦስት የተለያዩ ጉዳዮች አሉ። አንዱ ዐቃቤ ሕግ በሹፌሩ ላይ የሚመሠርተው የወንጀል ክስ ነው። ሁለተኛው ከመድን ድርጅት ወይም ከመድን ፈንድ የሚጠየቀው ክፍያ ነው። ሦስተኛው በፍትሐ ብሔር ሕግ ከመኪናው ባለቤትና ከሹፌሩ የሚጠየቀው ካሳ ነው። አንዱ ሌላውን አይተካም። አንዱ ስላለቀ ሌላው አለቀ ማለት አይደለም።

1. በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት መረጃውን ይያዙ

ተጎጂው ነፍሱ ካለች ከሁሉ በፊት ሕክምና ነው። የቀይ መስቀል አምቡላንስ በ907፣ የአዲስ አበባ ፖሊስ በ991 ይገኛል። የጤና ተቋም በመኪና አደጋ የተጎዳን ሰው «መጀመሪያ ገንዘብ አስይዙ» ብሎ የመመለስ መብት የለውም። የሦስተኛ ወገን መድን ሕጉ ለድንገተኛ ሕክምና የሚውል ወጪን ለይቶ ሸፍኗል።

ከዚያ ከቤተሰቡ አንድ ረጋ ያለ ሰው ይመደብ። ዘመድ፣ ጎረቤት ወይም የእድር ሰው ሊሆን ይችላል። የዚህ ሰው ሥራ ለቅሶ መቀመጥ ሳይሆን የሚከተሉትን በደብተር መያዝ ነው፦

- የመኪናው ሰሌዳ ቁጥርና ኮድ። ለዓመታት ባገለገለው አሠራር ኮድ 1 ታክሲ፣ ኮድ 2 የቤት መኪና፣ ኮድ 3 የንግድ፣ ኮድ 4 የመንግሥት ነው። ኮዱ ተጠያቂው ግለሰብ፣ ድርጅት ወይም መንግሥት መሆኑን ቀድሞ ይጠቁማል።
- የሹፌሩ ስም፣ የመንጃ ፈቃዱ ቁጥር፣ በሊብሬው ላይ የሰፈረው የባለቤት ስም።
- በመስታወቱ ላይ የተለጠፈው የሦስተኛ ወገን መድን ስቲከር። የመድን ድርጅቱ ስም፣ የፖሊሲው ቁጥርና የሚያበቃበት ቀን ከዚያ ይገኛል። ስቲከሩን በስልክ ፎቶ ማንሳት ይበቃል።
- አደጋውን ያዩ ሰዎች ስምና ስልክ። ሾላ ላይ ይህ ቀላልም ከባድም ነው። ያየ ሰው ሞልቷል፤ ግን ባለጉሊቱ ነገ ሌላ ቦታ ሊቀመጥ፣ ወዛደሩም ስልኩን ሊቀይር ይችላል። በዕለቱ ያልተያዘ ምስክር በኋላ አይገኝም።
- አካባቢው ባሉ ሱቆችና ባንኮች የተተከሉ የደኅንነት ካሜራዎች። ቀረጻው በቀናት ውስጥ በራሱ ሊጠፋ ስለሚችል፣ መርማሪ ፖሊሱ ቶሎ እንዲያስቀርበው ቦታውን ለይተው ያመልክቱ።

ትራፊክ ፖሊስ በቦታው ተገኝቶ የአደጋውን ፕላን ያነሳል። መኪናው ከየት ወዴት ይሄድ እንደነበር፣ የፍሬኑ ምልክት ስንት ሜትር እንደሆነ፣ እግረኛው የወደቀበት ቦታና የዜብራው ርቀት የሚሰፍረው በዚህ ፕላን ላይ ነው። በኋላ ፍርድ ቤት የሚከራከረው በዚህ ወረቀት ነው። ሾላ ገበያ የካ ክፍለ ከተማ ውስጥ ስለሆነ ምርመራውን የሚይዘው በክፍለ ከተማው ያለው ፖሊስ ነው። የምርመራ መዝገቡን ቁጥርና የመርማሪውን ስም ሳይዙ ከጣቢያው አይውጡ።

2. የአስከሬን ምርመራውንና የሞት ምዝገባውን አይዝለሉ

ቤተሰብ አስከሬኑን ቶሎ ወስዶ መቅበር ይፈልጋል፤ ይህ የሚጠበቅ ነው። ነገር ግን «የሞተው በአደጋው ሳይሆን በሌላ ሕመሙ ነው» የሚል መከራከሪያ ሲመጣ የሚመልሰው የአስከሬን ምርመራ ውጤት ብቻ ነው። በተለይ ተጎጂው ሆስፒታል ገብቶ ከቀናት ወይም ከሳምንታት በኋላ ሲያርፍ ይህ ክርክር መነሳቱ አይቀርም። በአዲስ አበባ ለረጅም ዘመን ይህ ምርመራ ሲካሄድበት የኖረው ዳግማዊ ምኒልክ ሆስፒታል ነው። አስከሬኑ ወደ ምርመራ የሚላከው በፖሊስ ደብዳቤ ሲሆን ውጤቱም ለፖሊስ ይመለሳል። የሕክምና ካርዱን፣ የመድኃኒትና የአምቡላንስ ደረሰኞችን በአንድ ላይ ያስቀምጡ።

ሞቱ ከደረሰበት ቀን ጀምሮ በ30 ቀናት ውስጥ ሟች ይኖርበት በነበረው ወረዳ የሲቪል ምዝገባና የነዋሪነት አገልግሎት ጽሕፈት ቤት ይመዝገብ። የሞት የምስክር ወረቀት ከሌለ መድን ድርጅቱም ፍርድ ቤቱም ፋይል አይከፍትም። ሟች ከክልል መጥቶ ሾላ ላይ የሚሠራና የአዲስ አበባ መታወቂያ ያልነበረው ከሆነ፣ የሆስፒታሉንና የፖሊሱን ማስረጃ ይዘው የትኛው ወረዳ እንደሚመዘግበው አስቀድመው ይጠይቁ።

3. ሐዘን ቤት ውስጥ የካሳ ስምምነት አይፈርሙ

በሦስተኛው ወይም በአራተኛው ቀን ሽማግሌዎች ይመጣሉ። የሹፌሩ ወይም የባለመኪናው ዘመዶች ናቸው። ድንኳኑ ሥር ይቀመጣሉ፣ ያለቅሳሉ፣ ይቅርታ ይጠይቃሉ፣ በፖስታም ገንዘብ ያቀርባሉ። ይህ የአገራችን ወግ ነው፤ ክፋትም የለበትም። የሹፌሩም ቤት ጭንቅ ላይ ነው። ሹፌሩ የሟችን ቤተሰብ መካሱ ቅጣት ሲወሰን በማቅለያነት ሊያዝለት ስለሚችልም ይቸኩላሉ።

ችግሩ ከፖስታው ጋር የሚመጣው ወረቀት ነው። ብዙውን ጊዜ እንዲህ የሚል ሐረግ አለበት፦ «ከእንግዲህ ወዲህ በዚህ አደጋ ምክንያት ምንም ዓይነት የካሳ ጥያቄ ላላነሳ ተስማምቼ ፈርሜያለሁ።» ይህች አንዲት ዓረፍተ ነገር የልጆችን የወደፊት ኑሮ ትዘጋለች። በሕጋችን በእርቅ የተቋጨ ስምምነት በተዋዋዮቹ መካከል የመጨረሻ ፍርድ ያህል ኃይል አለው። «በሐዘን ላይ ነበርኩ፣ አላነበብኩትም» ብሎ ማፍረስ እጅግ ከባድ ነው።

ስለዚህ ይቅርታውን ይቀበሉ፤ ልብዎ ከፈቀደ ይታረቁ። ገንዘቡንም ለቀብርና ለተዝካር ማገዣ መቀበል ይችላሉ። ደረሰኙን ግን እርስዎ ይጻፉት፦ «ለቀብርና ለተዝካር ወጪ ማገዣ ይህን ያህል ብር ተቀብያለሁ፤ ይህ ክፍያ ቤተሰቡ በሕግ ያለውን የካሳ መብት አይነካም።» ሽማግሌዎቹም ይፈርሙበት። ለመፈረም ካልፈለጉ፣ ገንዘቡ የመጣው ለማስተዛዘን ሳይሆን መብት ለመግዛት ነበር ማለት ነው።

ይቅርታ የልብ ጉዳይ ነው፤ ካሳ የልጆች እንጀራ ነው። ይቅር ያለች እናት የልጆቿን ካሳ ብትጠይቅ ይቅርታዋን አላፈረሰችም።

4. ተጠያቂዎቹን ይለዩ

በፍትሐ ብሔር ሕጋችን አንቀጽ 2081 መሠረት የባለሞተር ተሽከርካሪ ባለቤት መኪናው ላደረሰው ጉዳት ኃላፊ ነው፤ መኪናውን ይነዳ የነበረው ሰው ያልተፈቀደለት ቢሆን እንኳ። ባለቤቱ «እኔ ቤቴ ነበርኩ፣ የነዳው ሹፌሬ ነው» ብሎ አያመልጥም። «ሹፌሬ አላጠፋም» ወይም «የአደጋው መንሥኤ አልታወቀም» ማለቱም አያድነውም። ነጻ የሚወጣው በዋነኛነት መኪናው አደጋውን ባደረሰበት ጊዜ ተሰርቆበት እንደነበር ሲያስረዳ፣ ወይም ጉዳቱ በሟች ጥፋት የደረሰ መሆኑን ሲያረጋግጥ ነው። ሟች ያጠፋው በከፊል ከሆነ ካሳው በዚያው ልክ ይቀነሳል። ከዜብራ ውጭ ወይም አጥር ዘሎ ተሻገረ የሚለው ክርክር የሚመጣውም ለዚህ ነው፤ የአደጋ ፕላኑና ምስክሮቹ ወሳኝ የሚሆኑትም እዚህ ላይ ነው።

ከዚህ የሚከተለው ለቤተሰብ ትልቅ ነገር ነው። ባለቤቱን ለመክሰስ የሹፌሩን ጥፋት ማስረዳት ግዴታ አይደለም። መኪናው የማን እንደሆነና ሞቱ በዚያ መኪና መድረሱን ማስረዳት ይበቃል። ሹፌሩ በወንጀል ክሱ በነጻ ቢለቀቅም የፍትሐ ብሔር ፍርድ ቤት በዚያ ውሳኔ አይታሰርም፤ የሕጉ አንቀጽ 2149 ይህንኑ ይላል።

በተግባር ሊጠየቁ የሚችሉት እነዚህ ናቸው፦

- ሹፌሩ፣ በራሱ ጥፋት፤
- የመኪናው ባለቤት፣ በባለቤትነቱ፤
- ሹፌሩ በሥራ ላይ ከነበረ አሠሪው ድርጅት ወይም መሥሪያ ቤት፤
- የሦስተኛ ወገን መድን የሰጠው ድርጅት፣ በሽፋኑ ልክ፤
- መኪናው ካልታወቀ ወይም መድን ከሌለው የመድን ፈንዱ።

ሟች በታክሲ ወይም በአውቶብስ ተሳፍሮ ከነበረ ደግሞ ከአጓጓዡ ጋር የማጓጓዝ ውል አለው፤ ክሱ በዚያ መንገድ ስለሚሄድ የተሳፈረበትን ቲኬት ወይም አብረው የነበሩ ተሳፋሪዎችን ይያዙ። ሰሌዳው የጎረቤት አገር ከሆነም ተስፋ አይቁረጡ። ኢትዮጵያ የኮሜሳ የሎው ካርድ የሚባለው የድንበር ተሻጋሪ መድን ሥርዓት አባል ናት።

5. ካሳ መጠየቅ የሚችለው ማን እንደሆነ ይወቁ

የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2095 ቁርጥ ያለ ነው። በአደጋ ለሞተ ሰው ካሳ የሚጠይቁት የትዳር ጓደኛው፣ ልጆቹና ሌሎች ወደ ታች የሚቆጠሩ ተወላጆቹ፣ እንዲሁም ወላጆቹና ወደ ላይ የሚቆጠሩ ዘመዶቹ ናቸው። የሚጠይቁትም በራሳቸው ስም፣ እሱ በመሞቱ ለቀረባቸው ጥቅም ነው። ወንድም፣ እህት፣ የአክስት ልጅ፣ ሟች ያሳድገው የነበረ የጎረቤት ልጅ በዚህ አንቀጽ አይካተቱም፤ አብረው ቢኖሩና በእሱ ቢተዳደሩም። ይህ ከአኗኗራችን ጋር ሲታይ ጨካኝ ነው፤ ታናናሾቹን የሚያስተምር ታላቅ ወንድም በየቤቱ አለና። ቢሆንም የአቤቱታው ስም ዝርዝር ሲዘጋጅ ይህን ማወቅ ያስፈልጋል። ታናናሾቹ ባይችሉም በሕይወት ያለች እናታቸው መጠየቅ ትችላለች።

የተፀነሰ ልጅም መብት አለው። በሕጋችን ጥቅሙ በሚጠይቅበት ጊዜ ሁሉ የተፀነሰ ልጅ፣ በሕይወት እስከተወለደ ድረስ፣ እንደተወለደ ይቆጠራል። ሚስት ነፍሰ ጡር ከሆነች ይህ በመጀመሪያው አቤቱታ ላይ ይጻፍ።

የሚያስፈልጉት ሰነዶች፦

- የጋብቻ የምስክር ወረቀት። ጋብቻው በባህል ወይም በሃይማኖት ተፈጽሞ ያልተመዘገበ ከሆነ በምስክሮች ማስረዳት ይቻላል።
- የልጆች የልደት የምስክር ወረቀት።
- የወራሽነትና የሞግዚትነት ማረጋገጫ። በአዲስ አበባ እነዚህ የሚሰጡት በከተማው ፍርድ ቤቶች ነው። ካሳው በራሱ ውርስ ባይሆንም መድን ድርጅቶች ትክክለኛውን ተቀባይ ለመለየት ይጠይቁታል።
- የእድሩ ደብዳቤ። የእድር መዝገብ የቤተሰቡን አባላት በስም ስለሚይዝ ማን በማን ሥር ይኖር እንደነበር ለማሳየት ጥሩ ደጋፊ ማስረጃ ነው።

6. ከመድን ድርጅቱ ይጠይቁ

በኢትዮጵያ ማንኛውም ባለተሽከርካሪ የሦስተኛ ወገን መድን እንዲኖረው መጀመሪያ ያስገደደው አዋጅ ቁጥር 559/2000 ነው። እሱን የተካው አዋጅ ቁጥር 799/2005 ነው። ከእነዚህ አዋጆች በፊት ባለመኪናው ድሃ ከሆነ ፍርድ ቢገኝም የሚከፍል አይገኝም ነበር።

አዋጁ በ2005 ሲወጣ ለአንድ ሰው ሞት የሚከፈለውን ከ5,000 ብር የማያንስ፣ ከ40,000 ብር የማይበልጥ አድርጎ ነበር። ይህ መጠን በደንብ ሊሻሻል የሚችል ስለሆነ «አርባ ሺህ ነው፣ አለቀ» የሚልዎት ሰው ካለ አይቀበሉት። አደጋው በደረሰበት ቀን ይሠራ የነበረው ጣሪያ ስንት እንደሆነ ድርጅቱን በጽሑፍ ይጠይቁ፤ ከመድን ፈንዱም ያረጋግጡ።

አካሄዱ ይህን ይመስላል። በመጀመሪያ ለመድን ድርጅቱ የካሳ ክፍል ማመልከቻ ይጻፉ። አባሪዎቹ የፖሊስ የአደጋ ሪፖርትና ፕላን፣ የአስከሬን ምርመራ ውጤት፣ የሞት የምስክር ወረቀት፣ የዝምድና ማስረጃዎችና የእርስዎ መታወቂያ ናቸው። ዋናውን አይስጡ፤ ኮፒ ሰጥተው ከዋናው ጋር እንዲመሳከር ያድርጉ። በሚቀርልዎ ቅጂ ላይ የገባበትን ቀንና ማኅተም ያስደርጉ። ያለ ማኅተም የገባ ማመልከቻ «አልደረሰንም» ሊባል ይችላል።

ድርጅቱ «ሹፌሩ መንጃ ፈቃዱን አላደሰም»፣ «መኪናው ከታሰበለት ሥራ ውጭ ነበር» ብሎ ከመለስዎ፣ ምላሹን ከነምክንያቱ በጽሑፍ እንዲሰጥዎ ይጠይቁ። በባለመኪናውና በመድን ድርጅቱ መካከል ያለው የውል ጠብ የእርስዎ ሸክም አይደለም፤ ክርክሩን ፍርድ ቤት ይፍታው። የመድን ድርጅቶችን የሚቆጣጠረው የኢትዮጵያ ብሔራዊ ባንክ ስለሆነ ምክንያት የሌለው መጓተት ሲገጥም ለዚያም አቤት ማለት ይቻላል።

ክፍያ ሲሰጥዎ የሚያስፈርሙዎትን ቅጽ አንብበው ይፈርሙ። መድን ድርጅቱን ከኃላፊነት ነጻ ማድረግ አንድ ነገር ነው። ባለቤቱንና ሹፌሩንም ጨምሮ «ከማንም አልጠይቅም» የሚል ካለበት ግን እንዲወጣ ይጠይቁ። የመድኑ ጣሪያ የካሳው ጣሪያ አይደለም። ቤተሰቡ የደረሰበት ጉዳት ከሽፋኑ ከበለጠ የተረፈውን የሚከፍለው ባለቤቱ ነው።

7. ገጭቶ የጠፋ መኪና ወይም መድን የሌለው መኪና ከሆነ

ለዚህ የቆመው የመድን ፈንድ ነው። ፈንዱን አሁን የሚያስተዳድረው የመንገድ ደኅንነትና መድን ፈንድ አገልግሎት ይባላል። ገጭቶ የተሰወረው መኪና ካልታወቀ ወይም ታውቆ የሦስተኛ ወገን መድን ከሌለው፣ ለሞትና ለአካል ጉዳት ካሳ የሚከፍለው ይህ ፈንድ ነው። ገንዘቡ የሚዋጣው ከመድን ዋስትና ገቢ ላይ ነው፤ ስለዚህ የሚጠይቁት ምጽዋት ሳይሆን መብት ነው።

ፈንዱ የሚሠራው በፖሊስ ማስረጃ ነው። ሌሊት ወይም ማለዳ፣ ገበያው ሳይሞላ የደረሰ አደጋ ከሆነ ለፖሊስ በዚያው ቀን ማመልከት ግድ ነው። ፖሊስ «ተሽከርካሪው ተፈልጎ አልተገኘም» የሚል ማረጋገጫ እንዲጽፍልዎ ይከታተሉ። ሰው «ሰሌዳ ስላልያዝን ምንም አይደረግም» ብሎ ቤቱ ሲቀመጥ ፈንዱ መኖሩን ሳያውቅ ይቀራል።

8. ገቢውን አስልተው ያስረዱ

የፍርድ ቤቱ ካሳ የሚለካው በቀረው ጥቅም ነው። ሟች በወር ምን ያገኝ ነበር? ከዚያ ለራሱ ምን ያህሉን ያወጣ ነበር? ለቤተሰቡ ምን ይደርስ ነበር? ገና ስንት ዓመት ሊሠራ ይችል ነበር?

ለምሳሌ የ35 ዓመት ነጋዴ በወር 12,000 ብር ያተርፍ ነበር እንበል። አንድ ሦስተኛውን ለራሱ ቢያወጣ ለቤቱ በወር 8,000፣ በዓመት 96,000 ብር ይደርሳል። እስከ 60 ዓመቱ ይሠራል ቢባል 25 ዓመት አለው፤ ሲባዛ 2,400,000 ብር ይሆናል። ፍርድ ቤት ይህን እንዳለ ይቀበላል ማለት አይደለም። ልጆቹ የሚያድጉበትን ዕድሜ፣ ገንዘቡ በአንድ ጊዜ መከፈሉንና ሌሎችንም ነገሮች አይቶ ሊቀንሰው ይችላል። ጉዳቱን በትክክል ማስላት ካልተቻለም በአንቀጽ 2102 መሠረት በርትዕ ይወስናል። ይሁን እንጂ ዳኛው ከምንም ተነስቶ እንዲገምት ከመተው በስሌት መቅረብ በእጅጉ ይሻላል።

የሾላ ነጋዴ ደመወዝ የለውም፤ ማስረጃ ግን አለው። አንዲት የቅቤ ነጋዴ ብታርፍ ልጆቿ የሚከተለውን ያገኛሉ። የዱቤ ደብተሯ ላይ የደንበኞቿ ስም፣ የወሰዱት ኪሎ፣ የከፈሉትና የቀረባቸው ቀን በቀን ተጽፏል። ቅቤውን ከገጠር የሚያመጣላት ሰው በሳምንት ስንት እንደምትረከብ መመስከር ይችላል። የእቁቡ ጸሐፊ በየሳምንቱ የምትጥለውን መጠን ከመዝገቡ አውጥቶ ያሳያል፤ ያንን እቁብ ያለማቋረጥ መጣሏ የገቢዋን ልክ ይናገራል። በዚህ ላይ የንግድ ፈቃዱ፣ የግብር ደረሰኙ፣ የባንክ ደብተሩና የቴሌብር ዝርዝሩ ይጨመራል። አንድ ነገር ግን ልብ ይበሉ። ለግብር ዝቅተኛ ገቢ ተነግሮ ለካሳ ከፍተኛ ገቢ ሲጠየቅ ተከራካሪው ወገን ያነሳዋል። ስለዚህ ሌሎቹ ማስረጃዎች ጠንካራ ይሁኑ።

ወዛደር ከሆነም አብረውት የሚሠሩትና የሚያሠሩት ነጋዴዎች የቀን ገቢውን ይመስክሩ። የቤት እመቤት ብትሞትም «ገቢ አልነበራትም» ተብሎ ዝም አይባል። ለልጆቹ ሞግዚት፣ ለቤቱ ሠራተኛ ለመቅጠር የሚወጣው ወጪ የቀረው ጥቅም መለኪያ ሆኖ ሊቀርብ ይችላል። የሕክምና፣ የአስከሬን ማጓጓዣና የቀብር ወጪዎችም በደረሰኝ ተለይተው ይጠየቁ።

ስለ ሐዘኑ ራሱ፣ የኅሊና ጉዳት ካሳ የሚባለው አለ። ሕጉ በ1952 ሲወጣ ጣሪያውን 1,000 ብር አድርጎታል። ዛሬ ይህ ገንዘብ የአንድ ቀን ድንኳን እንኳ አይከራይም፤ ሕግ አውጪው ሊያስተካክለው የሚገባ ቁጥር ነው። ቢሆንም መብት ነውና ይጠይቁት።

9. ፍርድ ቤት ይሂዱ፤ ሁለት ዓመቱን አይርሱ

ሁለት መንገድ አለ። አንደኛው የወንጀሉን ጉዳይ ለሚያየው ችሎት አመልክቶ የካሳ ጥያቄውን ከወንጀሉ ጋር እንዲታይ ማድረግ ነው፤ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 154 ይፈቅዳል። ይህ ቀላል ነው፣ ነገር ግን ችሎቱ ጉዳዩ ውስብስብ ነው ብሎ ሊመልሰው ይችላል፤ ባለቤቱና መድን ድርጅቱም የወንጀሉ ተከሳሾች አይደሉም። ሁለተኛው ራሱን የቻለ የፍትሐ ብሔር ክስ ነው። ሹፌሩን፣ ባለቤቱንና መድን ድርጅቱን በአንድነት መክሰስ የሚቻለው በዚህ ነው። በአዲስ አበባ እንዲህ ያለው ክስ በፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ይቀርባል፤ በአዋጅ ቁጥር 1234/2013 መሠረት ፍርድ ቤቱ እስከ 10 ሚሊዮን ብር የሚደርስ ክርክር ያያል።

ከውል ውጭ ለደረሰ ጉዳት ካሳ የሚጠየቅበት ጊዜ ጉዳቱ ከደረሰ ጀምሮ 2 ዓመት ነው። ድርጊቱ ረዘም ያለ የይርጋ ጊዜ ያለው ወንጀል ሲሆን ሕጉ ያንን ረጅሙን ጊዜ ይሰጣል፤ ሆኖም በዚህ ተማምነው አይዘግዩ። ሁለት ዓመቱን እንደ መጨረሻ ቀን ይያዙት። መድን ድርጅቱ «እያየነው ነው» ማለቱ፣ ሽማግሌዎች «እንጨርሳለን» ማለታቸው ሰዓቱን አያቆመውም።

ክሱን ሲያቀርቡ መኪናው እንዳይሸጥ የእግድ ትእዛዝ ይጠይቁ። ሊብሬው ወደ ሌላ ሰው ከዞረና ባለቤቱ ሌላ ንብረት ከሌለው፣ የተፈረደልዎ ገንዘብ ወረቀት ላይ ይቀራል።

የዳኝነት ክፍያ የሚከፈለው በተጠየቀው ገንዘብ መጠን ስለሆነ ከባድ ሊሆን ይችላል። መክፈል የማይችል ሰው በድህነት አቤቱታ አቅርቦ ሳይከፍል እንዲዳኝ መጠየቅ ይችላል፤ ከወረዳ የአቅም ማስረጃ ይዘው ይሂዱ። ነጻ የሕግ ድጋፍ ከፍትሕ ሚኒስቴር፣ ከዩኒቨርሲቲ የሕግ ድጋፍ ማዕከላትና ከኢትዮጵያ ሴት ሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ይጠይቁ። በፖሊስ ጣቢያና በሆስፒታል ደጃፍ «ካሳውን እኔ አስፈጽማለሁ» እያሉ ድርሻ የሚጠይቁ ደላሎችን ግን ይራቁ። ውክልና የሚሰጡት ፈቃድ ላለው ጠበቃ ይሁን፤ ክፍያውም አስቀድሞ በጽሑፍ ይታወቅ።

10. ሟች በሥራ ላይ ከነበረ

ሟች ተቀጣሪ ሆኖ በሥራው ላይ፣ ወይም አሠሪው ባዘጋጀው መጓጓዣ ወደ ሥራ ሲሄድና ሲመለስ ካረፈ፣ አደጋው የሥራ ላይ አደጋ ነው። የጡረታ ሽፋን ካለው ቤተሰቡ የተተኪ አበል ይጠይቃል። ከሌለው በአሠሪና ሠራተኛ ሕጉ መሠረት የአምስት ዓመት ደመወዙ ለጥገኞቹ ይከፋፈላል፤ ለትዳር ጓደኛው 50 በመቶ፣ ዕድሜያቸው ከ18 ዓመት በታች ለሆኑ ልጆቹ ለእያንዳንዳቸው 10 በመቶ፣ ይረዳቸው ለነበሩ ወላጆቹም ለእያንዳንዳቸው 10 በመቶ። የነጋዴ ተላላኪ፣ የአይሱዙ ረዳት፣ የመጋዘን ጫኝ ቤተሰብ ይህን ሳይጠይቅ መቅረት የለበትም።

11. ገንዘቡ ሲመጣ

የልጆች ድርሻ በስማቸው በተከፈተ ዝግ የባንክ ሒሳብ ይግባ። ድርሻቸውን የሚነካ ማንኛውም ስምምነት በፍርድ ቤት ይጽደቅ፤ ይህ እናትንም ካልተገባ ጥርጣሬ ይጠብቃታል። በካሳ ገንዘብ የተነሳ የሟች ወገንና የሚስት ወገን የተቆራረጡበት ቤት ጥቂት አይደለም። ከመጀመሪያው ማን ምን እንደሚደርሰው በጽሑፍ ቢታወቅ ጠቡ አይነሳም።

በመጨረሻ ለሾላ ነጋዴዎች፣ ለእድር ዳኞችና ለእቁብ ጸሐፊዎች አደራ አለኝ። አደጋ የደረሰበት ቤት ይህን ሁሉ ለማንበብ አቅም የለውም። እድሩ ድንኳን እንደሚተክልና ንፍሮ እንደሚቀቅል ሁሉ፣ መዝገብ የሚይዝ፣ ፖሊስ ጣቢያ የሚመላለስ፣ የሚፈረመውን የሚያነብ አንድ ሰው ይመድብ። የሟች ልጆች ከእድራቸው ሊያገኙት ከሚችሉት እርዳታ ሁሉ ለዓመታት የሚዘልቀው ይህ ነው።